ሳይደርቅ ፏ አይባልም

አስከሬኑ የተገኘው እሑድ ጠዋት፣ በእንጨት ቤቱ የቅብ ክፍል ውስጥ ነው። ዘበኛው የክፍሉ መብራት ሌሊቱን ሙሉ ሲበራ ማደሩ ገርሞት በሩን ገፋ አደረገው። የእንጨት ቤቱ ባለቤት አዲስ ቫርኒሽ በተቀባ ትልቅ የሳሎን በር ሥር በጎኑ ወድቋል። ከጆሮው በላይ ተመትቷል። የተመታበት ብረት፣ ሁለት እንጨት አጣብቆ የሚይዘው ከባዱ ማሰሪያ፣ እዚያው አጠገቡ አለ፤ በጨርቅ ተጠርጓል። የሟቹ ስልክ ግን የለም።

ኢንስፔክተሯ ደርሳ ወደ ክፍሉ ልትገባ ስትል ዘበኛው ክንዷን ያዛት።

"እግርሽን አራግፊ የኔ ልጅ፣ ሰጋቱራ ይዘሻል።" ወዲያው እጁን ሰብስቦ አንገቱን ደፋ። "ይቅርታ፣ ልማድ ሆኖብኝ ነው። እሱ ሳያራግፍ የሚገባ ሰው ካየ ያብድ ነበር።"

አራግፋ ገባች። ወለሉ ንጹሕ ነው፤ ውኃ ተረጭቶበት የደረቀ ይመስላል። የሳሎኑ በር ፈረስ በሚባሉ ሁለት ባለ እግር መቆሚያ እንጨቶች ላይ ተደግፎ ቆሟል። ጠቆር ያለ፣ ፊት የሚያሳይ ቡናማ ነው። ከመያዣው በላይ ሁለት ቀጫጭን ቢጫ ክሮች ተጣብቀውበታል። የብሩሽ ፀጉር መስለዋት አለፈቻቸው።

"ሌሊቱን ሙሉ መብራት ሲበራ ለምን ገብተው አላዩም አባባ?"

"የቅብ ክፍል በር ከተዘጋ አይነካም። እዚህ ቤት ያለ ሕግ እሱ ብቻ ነው። እኔ የምገባው ሲመሽ ነው፤ ስመጣ ተዘግቷል። እየሠራ ነው ብዬ ዝም አልኩ።"

---

ሰኞ ጠዋት አዛዡ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አድርጎ ጠበቃት።

"ጉዳዩ አልቋል" አላት። "ሟቹ ቅዳሜ ማታ ገጹ ላይ የዚያን በር ፎቶ ለጥፎ 'ፏ!' ብሎ ጽፏል። ስለዚህ እስከዚያ ድረስ በሕይወት ነበር። ሐኪሙ ከቅዳሜ ቀትር እስከ እኩለ ሌሊት ነው ከማለት አላለፈም፤ ይሄ ፎቶ ግን ከማታ በኋላ መሆኑን ነገረን። ትናንት ደግሞ ወንድሙ መርዶውን እዚያው ገጽ ላይ ጻፈ። ሰው ሁሉ ነፍስ ይማር እያለ ሲያለቅስ፣ አብራው የምትሠራው ያቺ ቫርኒሽ ቀቢ ምን ብላ እንደጻፈች እይው።"

አየችው። በልቅሶ መልእክቶች መካከል አንዲት ፊደል ከቃለ አጋኖ ጋር ቆማለች። ፏ!

"በሰው ሞት ትጨፍራለች" አለ አዛዡ። "አርብ አመሻሽ ላይ 'ውጪ!' ብሎ ሲጮኽባት ዘበኛው ሰምቷል። ቅዳሜ ማታ ደግሞ ብቻዬን ቤት ነበርኩ ትላለች። ሌላ ምን ትፈልጊያለሽ?"

"ማስረጃ፣ ጌታዬ።"

"ሕዝቡ አብዷል፤ 'ገዳይዋ ትያዝ' እያለ ነው።"

"ሕዝቡ የት ነው ያለው?"

"ስልክ ውስጥ ነዋ!"

"እንግዲያው ስልኩን እንሰረው።"

አዛዡ አልሳቀም። "ነገ ጠዋት መዝገቧ ወደ ዐቃቤ ሕግ ይሄዳል፤ እሷም ወደ ማረሚያ ቤት። እስከዚያ የምታመጪው ነገር ካለ አምጪ።"

---

ቀቢዋ በምርመራ ክፍሉ ወንበር ላይ ቀጥ ብላ ተቀምጣለች። ጥፍሮቿ ሥር ቡናማ ቫርኒሽ ገብቷል። ዕድሜዋ ከሃያ ብዙም አያልፍም።

"ይህን የጻፍሽው አንቺ ነሽ?"

"አዎ።"

"ምን ማለትሽ ነው?"

"የተጻፈውን ነው።"

"እኅቴ፣ ይሄ ቀልድ አይደለም። ሰው የሚልሽን አይተሻል? ቤትሽን እናቃጥላለን የሚሉ አሉ። ቢያንስ ብታጠፊው ይበርድ ነበር።"

"አላጠፋም።"

"ለምን?"

ልጅቷ ዓይኗን አልሰበረችም። "ካጠፋሁት ጥፋተኛ ነኝ ማለት ነው። ደግሞም የጻፍኩት ለጋሼ ነው፤ ለእነሱ አይደለም። ለሚያለቅስ ሰው ቢሆን አስረዳ ነበር። ለሚጮኽ ሰው አላስረዳም።"

"እኔ አልጮኽኩብሽም።"

"እርስዎ ደብተር ይዘዋል።"

ኢንስፔክተሯ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። "እሺ፣ ቃሉ ይቅር። አርብ ዕለት ውጪ ብሎ የጮኸብሽ ለምንድን ነው?"

"ፀጉሬን ሳልሸፍን የቅብ ክፍል ገባሁ። ልክ ነበሩ። ወጣሁ፣ ሸፈንኩ፣ ገባሁ። አለቀ።"

"ቅዳሜስ?"

"የሳሎኑን በር የመጨረሻውን እጅ ቀብቼ ስጨርስ የምሳ ሰዓት ሆነ። አቧራ እንዳይነሣ ወለሉን ውኃ ረጨሁ፣ ክፍሉን ዘጋሁ፣ እርጥብ ጨርቅ ከሥሩ ወተፍኩ። ከዚያ አብሮን ከሚሠራው ከሜትሮ ጋር ሄደን አንዲት አስተማሪ ቤት ቁም ሣጥን ስንገጥም መሸ። ከዚያ ቤቴ ገባሁ፣ ራሴን ታጠብኩ፣ ተኛሁ። ምስክር የለኝም። ራሴን ስታጠብ ሰው አልጠራም።"

ኢንስፔክተሯ ሳቋን ዋጥ አደረገችው።

---

ሜትሮ አናጺ ነው። ረጅም፣ ቀጭን፤ ያየውን ሁሉ በዓይኑ ስለሚለካ ነው ቅጽል ስሙ የወጣለት። ኢንስፔክተሯ ስትቀመጥ የወንበሩን እግር አይቶ "አንዱ ያጥራል" አላት።

"ቅዳሜ ማታ የት ነበርክ?"

"ቤቴ።"

"ሚስትህ እናቱ ቤት ሄዷል ብላኛለች።"

ሜትሮ መዳፉን ጉልበቱ ላይ አሸ። "እናቴ ቤት... ማለቴ ከዚያ በፊት..."

"ሜትሮ፣ ሰው ሞቷል።"

"እሺ! ሌላ እንጨት ቤት ወንበር እየሠራሁ ነበር። በሰው ቤት ተደብቄ። ጋሼ ቢሰሙ ኖሮ ዛሬ የምትመረምሩት የእኔን ሞት ነበር።" ከዚያ ድምፁ ተሰበረ። "አንድ ቀን እነግራቸዋለሁ ስል..."

ወደተባለው እንጨት ቤት ደወለች። እውነት ነው፤ አምስት ሰው እያየው እንጨት ሲልግ አምሽቷል። አስተማሪዋም ቁም ሣጥኑን ሁለቱ ገጥመውላት ሲመሽ እንደሄዱ ነገረቻት። የሜትሮ ነገር በዚህ ተዘጋ። ለልጅቷ ግን አልጠቀማትም፤ የጎደላት የማታው ምስክር ነው።

ሜትሮ ሊወጣ ሲል ዞር አለ። "እሷ ጋሼን ልትገድል? እሷ እኮ ቢምቢ ቫርኒሹ ላይ ሲያርፍ በመርፌ ነው የምታወጣው፤ እግሩ እንዳይሰበር።"

---

የሟቹ ታናሽ ወንድም ቤትና ቦታ የሚያሻሽጥ ሰው ነው። ቢሮው በመስታወት የታጠረ ነው። ጥቁር ለብሷል፤ ዓይኑ ቀልቷል። አንድ ትልቅ የፎቅ ሥዕል ከጀርባው ተሰቅሏል። ፎቁ ፊት ለፊት አንድ ጎባጣ ዛፍ ተስሏል።

"ያቺን ልጅ ከመንገድ አንስቶ ነው ሰው ያደረጋት" አለ። "ውለታውን እንዴት እንደከፈለችው ዓለም አየ። አስሩልኝ እንጂ ሌላ አልልም።"

"ገጹን ማን ነው የከፈተለት?"

"እኔ ነኝ። ወንድሜ ከመጋዝና ከመላጊያ ሌላ ምን ያውቅ ነበር? እኔ ባልከፍትለት ኖሮ ሥራውን ማን ያየው ነበር?"

"ቅዳሜ የት ነበሩ?"

"ማታ የጓደኛዬ ልደት ላይ ነበርኩ። ፀሐይ ሳትገባ ገብቼ ሁሉም ሰው ሲወጣ ነው የወጣሁት። ፎቶውም አለ፣ ሰውም አለ።"

"ከሰዓትስ?"

"እዚሁ ቢሮ። ብቻዬን።" ፊቱን ኮሰተር አደረገ። "ወንድሜ የሞተው ማታ አይደል እንዴ?"

"ለደንቡ ነው። የቅብ ክፍሉ ውስጥ ገብተው ያውቃሉ?"

"ሽታው ራሴን ይፈልጠዋል። እግሬን አስገብቼበት አላውቅም።"

ስትወጣ ሥዕሉን ደግማ አየችው። ጎባጣውን ዛፍ ታውቀዋለች። ትናንት ጠዋት እንጨት ቤቱ ግቢ ውስጥ መኪናዋን ያቆመችው በሥሩ ነው።

---

ኢንስፔክተሯ ነገር ሲጠፋባት ታናሽ እህቷ ጋ ትሄዳለች። እህቷ ፀጉር ሠሪ ናት፤ የከተማው ወሬ ሁሉ በእሷ መቀስ ሥር ያልፋል። ሰኞ ሰው ስለማይበዛ ሁለቱ ብቻ ነበሩ።

"እትዬ፣ ይሄ ፀጉርሽ ምን በደለሽ?"

"ተይውና አንድ ነገር ንገሪኝ። ፏ ማለት ምንድን ነው?"

እህቷ ማበጠሪያውን ይዛ ሳቀች። "ፖሊስ ፏን ይፈልጋል! ምን አጠፋ?"

"ምናልባት ምንም።"

"ውይ እትዬ፣ ብዙ ነው እኮ። አምሮብሽ ስትወጪ ፏ ብለሻል ይሉሻል። እግርሽን ሰቅለሽ ሥራ ፈተሽ ከተቀመጥሽም ፏ ብያለሁ ትያለሽ። የጠፋ መብራት ሲመጣ ፏ አለ። ያስጨነቀሽ ነገር ሲያልቅልሽም ፏ። ደግሞ ለማሾፍ፣ ጃንጥላ የሌለው ሰው ዝናብ ሲደበድበው ፎቶ አንስተው ፏ ይሉበታል።"

"በሰው ሞትስ?"

እህቷ እጇ ቆመ። "እሱን አላውቅም። ማን እንደጻፈው፣ ለማን እንደጻፈው ሳታውቂ እንዴት ታውቂያለሽ? 'የት ነህ' የሚለውም እኮ ከእናት ሲሆን ሌላ ነው፣ ካንቺ ሲሆን ሌላ።"

"እስቲ የሟቹን ገጽ አውጪልኝ።"

አወጣችላት። ኢንስፔክተሯ ወደኋላ እየሄደች አየችው። አልጋ፣ ጠረጴዛ፣ ወንበር፣ የልጅ አልጋ። በእያንዳንዱ ሥር ያቺው ቃል። ሁሉም ግቢ ውስጥ፣ ጎባጣው ዛፍ አጠገብ፣ በጠራራ ፀሐይ የተነሡ ናቸው። ሁሉም፣ ከአንዱ በቀር። የቅዳሜው ፎቶ የተነሣው የቅብ ክፍሉ ውስጥ፣ በአምፖል ነው።

"ይሄ ሰውዬ ለምን ልማዱን ለወጠ?" አለች ለራሷ።

እህቷ ግን ሌላ ገጽ ከፍታ ነበር። "ይሄ ደግሞ ወንድምየው። እሱም ፏ ፏ ተብሎ የለ እንዴ? ቅዳሜ ረፋዱ ላይ አዲስ ጃኬት ገዝቶ ለጥፏል። እይ እስቲ፣ የጃኬቱን ጠጉር! ጫጩት ይመስላል። ከሥሩ የጻፈው ሰው ሁሉ 'ፏ ብለሃል አለቃ' ነው የሚለው።"

ጃኬቱ ደማቅ ቢጫ ነው።

"የልደቱ ፎቶ አለ?"

አለ። ልደቱ የተከበረው በአንድ ሰፊ ግቢ ውስጥ ነው። ሰው ሁሉ ከብርዱ የተነሣ ካፖርቱን ደርቧል። ወንድምየው በነጭ ሸሚዝ ብቻ እጁን አጣምሮ ቆሟል።

"ሞኝ ነው?" አለች እህቷ። "ረፋድ ላይ ገዝቶ ይኩራራበታል፣ ማታ ሲበርደው ይተወዋል?"

ኢንስፔክተሯ ግማሹ ፀጉሯ ተሠርቶ ግማሹ እንደተንጨባረረ ተነሣች።

"እትዬ! እንደዚህ ሆነሽ?"

"ፏ ብያለሁ!" አለችና ወጣች።

---

የቅብ ክፍሉ ውስጥ የእጅ ባትሪዋን ከበሩ ጎን አድርጋ አበራች። ፊት ለፊት ሲያዩት መስታወት የመሰለው በር በጎን ሲያዩት ሌላ ነው። ከታች በኩል እንደ ቁንጫ የተበተነ የሰጋቱራ ብናኝ አለበት። በጨርቅ ጠረገችው። ትናንት የወረደው አቧራ ለቀቀ፤ ሰጋቱራው አልለቀቀም። በጥፍሯ ብትነካው ጥፍሯ ተንሸራቶ አለፈ። ብናኙ ያለው ላዩ ላይ አይደለም፤ ውስጡ ሰምጧል። ሁለቱ ቢጫ ክሮችም እንዲሁ።

የደረቀ ቫርኒሽ አቧራ አይውጥም። ጣሳው ላይ በጥቂት ሰዓት ውስጥ እንደሚይዝ ተጽፏል። ልጅቷ ቀብታ የሄደችው በምሳ ሰዓት ነው። ስለዚህ አንድ ሰው ከመጋዙ ክፍል ሰጋቱራ በእግሩ ይዞ የገባው ቅዳሜ ከሰዓት ነው፤ ገና እርጥብ ሳለ። ማታ አይደለም። ብረቱን የጠረገው ሰው ወለሉንም ጠርጓል፤ በሩን ግን በጎን አላየውም።

ዘበኛው በር ላይ ቆሞ ያያታል።

"አባባ፣ ባለቤቱ ቫርኒሹ እርጥብ ሆኖ ይህን ክፍል ይከፍተው ነበር?"

"ሲሞት ነዋ!" አለ ዘበኛው። ያለውን ሲሰማው አፉን በመዳፉ ያዘ።

"ፎቶስ? እዚህ ውስጥ ያነሣል?"

"ኧረ በጭራሽ! በማግስቱ ሲደርቅ ወደ ዛፉ ይወጣል። እሱ በጎን ያየዋል፣ ልጅቷ በጎን ታየዋለች፣ ሜትሮም ያያል። እንከን ካጡ ነው ፏ የሚባለው፤ ከዚያ በኋላ ነው ፎቶው። 'ሳይደርቅ ፏ አይባልም' ይል ነበር። አንድ ጊዜ ደንበኛው ቸኩሎ ፎቶ ላንሣ ቢለው፣ ሰውየውን ከነስልኩ አስወጣው።"

እዚህ ቤት የሚሠራ ሰው ያንን ፎቶ ሊለጥፍ አይችልም። የለጠፈው ቃሉን የሚያውቅ፣ ሕጉን የማያውቅ ሰው ነው።

---

ከወንድምየው ቢሮ አጠገብ አንድ ልብስ ማጠቢያ ቤት አለ። ባለቤቱ ኢንስፔክተሯ የፈለገችውን ስትነግረው ፊቱ በራ፤ ብሶቱን የሚያዳምጥለት ሰው አግኝቷል።

"ቢጫው! የትናንት ወዲያው! እኅቴ ሆይ፣ ክርኑ ላይ ቫርኒሽ ጠጥቶ መጣ። በሳሙና አልኩት፣ ቀለም በሚያሟሟው በአኳራጅ አልኩት፤ ጨርቁን በላው እንጂ አልለቀቀም። ደውዬ ብነግረው 'በቃ ጣለው' አለኝ። አዲስ ጃኬት ይጣላል? ለልጄ አሳጥረዋለሁ ብዬ አስቀመጥኩት።"

"ለልጅህ ሌላ ፈልግለት" አለችው፤ ጃኬቱን ተቀበለችው።

---

ወንድምየው ጣቢያ ሲመጣ ያሰበው በልጅቷ መዝገብ ላይ ቃሉን ለመፈረም ነው። አዛዡ ወንበር ስቦለታል። ኢንስፔክተሯ ገብታ ጃኬቱን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችው።

"ይሄ የእርስዎ ነው?"

"...ይመስለኛል። ምን ሆኗል?"

"ክርኑ ላይ ቫርኒሽ አለ።"

"ቢሮዬ ውስጥ ወንበር ሲቀባ ነክቶኝ ይሆናል።"

"ከጃኬቱ የተነጨ ጠጉር የወንድምዎ በር ላይ ሰምጧል። የመጨረሻው እጅ የተቀባው ቅዳሜ በምሳ ሰዓት ነው። እግሬን አስገብቼበት አላውቅም ያሉበት ክፍል ነው።"

ወንድምየው ጃኬቱን ከራሱ ገፋ አደረገው።

"ገጹን የከፈቱት እርስዎ ስለሆኑ ከራስዎ ስልክ ሊጽፉበት ይችላሉ። ፎቶውን ከሰዓት አንሥተው፣ ልደቱ ላይ ሰው መሐል ቆመው ለጠፉት። የእሱን ስልክ የወሰዱት ፎቶው እንደሌለበት እንዳይታይ ነው። ወንድምዎ ማታ በሕይወት የነበረው ስልክዎ ውስጥ ብቻ ነው።"

አዛዡ ስቦለት የነበረውን ወንበር ቀስ ብሎ ወደ ራሱ መለሰው።

"ስለ ቦታው ላነጋግረው ነው የሄድኩት" አለ ወንድምየው፤ ድምፁ የሌላ ሰው ሆነ። "ፎቅ ይወጣበት ነበር። ሁለታችንም እንለወጥ ነበር። ያለ እሱ ፊርማ ደግሞ አይሆንም። ክፍሉ ውስጥ መስሎኝ በሩን ከፈትኩት። ከኋላዬ እየሮጠ መጣ። 'ዝጋው! ዝጋው!' እያለ። እኔ ስለ ሕይወታችን አወራለሁ፣ እሱ ከክርኔ ሥር ያንን በር ያያል። ወንድሙ ነኝ እኮ! አንድ ጊዜ እንኳ ቀና ብሎ ፊቴን አላየኝም። ለአንድ በር..."

"ፏ ብለው የጻፉትስ?"

"ሁልጊዜ እሱን ነው የሚጽፈው" አለ። "ሌላ ምን ልጻፍ?"

---

አዛዡ ልጅቷ ስትፈታ ኢንስፔክተሯን ጠራት። "አሁን እንኳ ያንን ጽሑፍ አጥፊው በያት። ነገር ይረሳ።"

"እርስዎ ይበሏት፣ ጌታዬ።"

አዛዡ በመስኮት አያት። ልጅቷ ግቢው መሐል ቆማ የጫማዋን ክር ታስራለች። ወጥቶ ሊነግራት እጀታው ላይ እጁን አኖረ፤ ከዚያ ተወው።

በሩ ከማስረጃነት ተመልሶ እንጨት ቤቱ ከገባ ከቀናት በኋላ ኢንስፔክተሯ ለማየት ሄደች። ልጅቷ ፀጉሯን ሸፍና በብርጭቆ ወረቀት አሽታ ጨርሳዋለች፤ ሰጋቱራውም፣ ቢጫው ክርም ወጥቷል። እንደገና ቀብታው፣ አድሮ ደርቆ፣ ከሜትሮ ጋር ተሸክመው ወደ ዛፉ አወጡት።

"ስልክሽን አይተሻል?" አለቻት ኢንስፔክተሯ። "ያን ሰሞን ገዳይ ሲልሽ የነበረው ሁሉ አሁን ከጽሑፍሽ ሥር ፏ፣ ፏ እያለሽ ነው።"

"ሁለቱንም አልጠየቅኳቸውም።"

"ለእኔስ አትነግሪኝም? ደብተር አልያዝኩም።"

ልጅቷ እጇን በሽርጧ ጠረገች። "ጋሼ ይህንን ቃል ለሰው ብለውት አያውቁም። ለእኔም፣ ለሜትሮም። ላለቀ ሥራ ብቻ ነው። እንከን ፈልገው ፈልገው ሲያጡ። መርዶውን ሳነብ ፎቷቸውን ከላይ አየሁት። እኔም ፈለግሁ። አጣሁ። ይኸው ነው። ነፍስ ይማር ለማለት ሌላ ሰው ሞልቷል።"

ኢንስፔክተሯ የበሩን ፀሐይ እንዳትከልል ወደ ጎን ፈቀቅ አለች።

ፀሐይዋ በሩ ላይ ወረደች። ሜትሮ በጎን አየውና እጁን አጣጥፎ ቆመ። ዘበኛው ቀረብ አለ። ልጅቷ ተንበረከከች፣ ጉንጯን እንጨቱ ላይ ልታሳርፍ እስኪመስል ጠጋ ብላ ከታች እስከ ላይ በዓይኗ ሄደችበት። ሁሉም ያቺን ቃል ጠበቁ። ኢንስፔክተሯም ጠበቀች፤ ለራሷ ሲገርማት ትንፋሿን ይዛ ነበር።

ልጅቷ ተነሣች።

"ገና ነው" አለች። "አንድ እጅ ይቀረዋል። መልሱት።"